ውሃ የከለከልኩበት ቀን

የአክስቴ ልጅ ውሃ ለምኖኝ ከልክዬዋለሁ። ሁለት ዓመት አለፈው። እሱ ድኖ ቡናውን ይለቅማል፤ እኔም ጅማ ከተማ ውስጥ አማርኛዬን አስተምራለሁ። ሌሊት ስነቃ ግን አሁንም ያ ድምፅ ይመጣብኛል። «ወንድሜ፣ ትንሽ ብቻ። አፌን ላርጥበው።»

ነገሩ የሆነው በጥር ነው፤ ማና ወረዳ፣ ከጅማ 20 ኪሎ ሜትር ያህል ወጣ ብሎ። ለቀማው አልቆ ያረጀው ቡና እየተጎነደለ ነበር። ጉንደላ ያየ ሰው ያውቀዋል። ግንዱ ከጉልበት ዝቅ ብሎ በሰያፍ ይቆረጣል፤ ዝናብ እንዳይቋጥር ነው። የሚቀረው ጉቶ እንደ ጦር የሾለ ነው። የአክስቴ ልጅ ዋንዛ ላይ ወጥቶ ጥላውን ሲመለምል የረገጠው ቅርንጫፍ ከዳው። ከፍታው ከ2 ሜትር ብዙ አይበልጥም። ግን ከሥሩ የተጎነደለ ቡና ነበር።

ሮጬ ስደርስ በጀርባው ተጋድሟል። ከግራ ጎድኑ ሥር፣ ሆዱ ላይ፣ አንድ ስንዝር የሚሆን የቡና እንጨት ቆሟል። ውፍረቱ አውራ ጣት ያክላል። ከሥሩ ተሰብሮ አብሮት ቀርቷል። ደሙ ብዙ አልነበረም። ሸሚዙን እንኳ በቅጡ አላራሰውም። ያዘናጋን እሱ ነው። «ብዙም አልተጎዳ፣ ተመስገን» ያለ ሰው ነበር።

አባቱ ተንበረከኩና እጃቸውን ወደ እንጨቱ ሰደዱ። እሾህ የወጋውን ልጅ እሾሁን መንቀል የአባት ሥራ ነው። ማን ይፈርድባቸዋል? «አይንቀሉት!» ብዬ የጮህኩት ሳላስበው ነው። እኚህን ሰው በሕይወቴ ድምፄን ከፍ አድርጌ አነጋግሬያቸው አላውቅም። እጃቸው አየር ላይ ቀረ። አዩኝ። ያን አስተያየትም አልረሳውም።

አዋቂ ሆኜ አይደለም። የትምህርት ቤታችን የቀይ መስቀል ክበብ ተጠሪ ስለሆንኩ የሁለት ቀን የመጀመሪያ እርዳታ ሥልጠና ወስጄ ነበር። አብዛኛውን ረስቼዋለሁ። ስለ ሆድ ቁስል ግን ሦስት ነገር ቀርቶብኛል። የተሰካ አይነቀልም። የወጣ አንጀት አይመለስም። በአፍ ምንም አይሰጥም። ሦስቱም «አታድርግ» ናቸው። የምትወደው ሰው መሬት ላይ ወድቆ እያየህ ደግሞ ከማድረግ ይልቅ አለማድረግ ይከብዳል።

በሬው

ሦስቱ ለምን ሳይረሱኝ እንደቀሩ አውቃለሁ። የ11 ዓመት ልጅ ሳለሁ ጎረቤታችንን በሬ ወጋው። ቀንዱ ከእምብርቱ በስተቀኝ ገባና ቀዶት ወጣ። አንጀቱ በቀዳዳው ወጥቶ አየሁት። ለልጅ ዓይን የሚሆን ነገር አልነበረም፤ ግን ማንም ልጆቹን ዞር በሉ ያለ የለም። ሁሉም ለመርዳት ይሯሯጥ ነበር።

አንዱ ከወንዝ ውሃ ቀድቶ መጣና አንጀቱን አጠበው። ሌላው በእጁ ወደ ውስጥ መለሰው። አንዲት እናት የተፈጨ ቡና አምጥተው ቁስሉ ላይ ነሰነሱ፤ ደም ያቆማል ይባላል፣ በእኛ አገር ደግሞ ቡና ከየትም ቤት አይጠፋም። በነጠላ ጥብቅ አድርገው አሰሩት። ውሃ አጠጡት። ከዚያ በቃሬዛ ተሸክመውት ሄዱ። በሦስተኛው ቀን አረፈ። ሆዱ እንደ ከበሮ ተወጥሮ፣ ትኩሳቱ አልበርድ ብሎ ነበር አሉ።

ትልቅ ሆኜ ይሄን ታሪክ ለአንድ ቀዶ ሐኪም ነገርኩት። ዝም ብሎ ሰማኝና አንድ በአንድ አስረዳኝ። አንጀት ሲቀደድ በውስጡ ያለው ወደ ሆድ ዕቃው ይፈሳል። አንጀት ውስጥ ሲኖር የማይጎዳን ባክቴሪያ ከአንጀት ውጭ መርዝ ነው። የሆድ ዕቃው ሽፋን ይቆጣል፣ ሆድ እንደ ጣውላ ይደርቃል፣ መመረዙ ወደ ደም ይዘልቃል። ይሄ ደቂቃ ሳይሆን ሰዓትና ቀን የሚፈጅ ሞት ነው። የወንዙን ውሃና የቡናውን ዱቄት በእጃቸው ወደ ውስጥ ሲከቱት የነበረውን ብክለት አባባሱት። መልሶ መክተቱ ራሱ አንጀቱን ሊያጣምመው፣ ደም እንዳይደርሰው ሊያንቀው ይችላል። ጥብቅ አድርጎ ማሰሩም እንዲሁ።

«ታዲያ ምን ማድረግ ነበረባቸው?» አልኩት። መልሱ በጣም ቀላል ነበር። ንጹህ ጨርቅ በንጹህ ውሃ አርጥበው አንጀቱን ባለበት ማልበስ። የሚጠጣ ንጹህ ውሃ ይበቃል፤ ጤና ጣቢያ ካለ ለቁስል የሚሆነው የጨው ውሃ ይሻላል። ጥጥ አይሆንም፤ ክሩ ይጣበቃል። ጨርቁ እንዳይደርቅና ሙቀቱ እንዳያመልጥ በላዩ ንጹህ ፌስታል ማድረግ። ላላ አድርጎ መያዝ። ጉልበቱን አጥፎ በጀርባው ማስተኛት፤ ጉልበት ሲታጠፍ የሆድ ጡንቻ ይላላል፣ ቁስሉ አይወጠርም። ጋቢ ደርቦ መውሰድ። በቃ። ቢያደርጉት ይድን ነበር ብሎ ሐኪሙም አልነገረኝም፣ እኔም አልልም። ያን ጊዜ ከዚያ ሰፈር ሐኪም ጋ መድረስ ራሱ የግማሽ ቀን መንገድ ነበር።

እነዚያን ሰዎች ስከስ እንዳትሰሙኝ። ሁሉንም ያደረጉት በፍቅር ነው። ፍቅር ግን አንጀት ምን እንደሆነ አያውቅም።

ኩባያው

ወደ አክስቴ ልጅ ልመለስ። እንጨቱን ባለበት ተውነው። ሁለት ነጠላ ጠቅልለን ግራና ቀኝ ደገፍነው፤ ጉልቻ ድስት እንደሚይዝ። እንጨቱን ሳንጫን ዙሪያውን በሻሽ አሰርነው። 907 ደወልን፤ አምቡላንሱ ሌላ ሰው ሊያደርስ ወጥቷል ተባልን። አንድ ጎረቤት ፒክአፕ ነበረው። ፍራሽ ተነጠፈ። እግሩን ራሱ አጥፎ ስለነበር ከጉልበቱ ሥር የቡና ጆንያ ጠቅልለን ከተትንለት። ስለ አከርካሪው ያኔ ትዝ አላለኝም። ከዛፍ የወደቀ ሰው ሲነሳ አንገቱና ወገቡ ሳይጣመም፣ ብዙ ሰው እኩል ይዞ፣ በጣውላ ወይም በበር ላይ መሆን ነበረበት። ኋላ ሆስፒታል ውስጥ ሐኪሙ ሲነግረኝ ላቤ መጣ። እግሩን ማንቀሳቀስ መቻሉ የእኛ ብልሃት ሳይሆን ዕድል ነበር።

መኪናው ሊነሳ ሲል ነው ውሃ የጠየቀው።

አክስቴ ወደ ጓዳ ገብተው በሰማያዊ ቆርቆሮ ኩባያ ሞልተው ይዘው መጡ። እጃቸው ስለሚንቀጠቀጥ ውሃው እየፈሰሰ ነው። ልጃቸው ከንፈሩ ደርቆ፣ ዓይኑ ኩባያው ላይ ተተክሏል። እኔ በመካከል ነኝ። በዚያች ቅጽበት ውስጥ ያሳለፍኩትን ሐሳብ በሙሉ ብጽፈው ሰዓት ይወስዳል። ሥልጠናው ትዝ አለኝ። ምክንያቱ ግን ጠፋኝ! «በአፍ ምንም አይሰጥም» የሚለውን አውቃለሁ፤ ለምን እንደሆነ አላውቅም። ብሳሳትስ? ይሄ የመጨረሻ ጥማቱ ቢሆንስ? ባህላችን እኮ ለማያውቁት መንገደኛ እንኳ ውሃ አይከለክልም። ለሚሞት ሰው አፉን ማርጠብማ የሃይማኖት ያህል ነው።

ኩባያውን ከእጃቸው ወሰድኩት።

«እቴቴ፣ አሁን አይጠጣም» አልኩ። አላመኑኝም። «ልጄ ተጠምቷል እኮ!» አሉ። የነጠላዬን ጫፍ ውሃው ውስጥ ነከርኩና ጨመቅኩት። «ይሄን ይያዙ። ከንፈሩን ብቻ ያርጥቡለት፣ እንዳይውጥ።» ጨርቁን ተቀበሉኝ። ከዚያ ቀና ብለው አይተውኝ በቀስታ ተናገሩ። «ልጄ ተጠምቶ ከሞተ ይቅር አልልህም።»

አልጮሁም። ቢጮሁ ይሻለኝ ነበር።

መንገዱ

እስከ ጅማ ድረስ የእጁን ትርታ ይዤ ነበር። በስልኬ ሰዓት ስቆጥር መጀመሪያ 100፣ ቆይቶ ከ120 በላይ ሆነ። ግን ያወራል። ስለ መኪናው ኪራይ እንኳ ይጨነቃል። ቀዝቃዛ ላብ ያልበዋል፣ ጣቶቹ በረዶ ሆነዋል፣ ቁጭ ልበል እያለ ይቁነጠነጣል። የሚያወራ ሰው አይሞትም ብዬ ራሴን አጽናናሁ። ተሳስቼ ነበር።

ኋላ እንደተረዳሁት፣ ያደገ ሰው በአካሉ ውስጥ 5 ሊትር ያህል ደም አለው። ወጣት ሰው ከዚያ ሲቀንስበት ልቡ ይፈጥንለታል፣ የቆዳው የደም ሥሮች ይጠብቁና ደሙን ለአንጎልና ለልብ ያስቀሩለታል። እጁ የሚቀዘቅዘው፣ ከንፈሩ የሚነጣው ለዚህ ነው። የደም ግፊቱ ላይ ላዩን ደህና መስሎ ሊቆይ ይችላል፤ ከደሙ 30 ከመቶ ያህሉ፣ 1 ሊትር ተኩል ገደማ፣ እስኪጎድል ድረስ። ከዚያ በኋላ ቁልቁለቱ ፈጣን ነው። ሆድ ደግሞ ሰፊ ነው። ይሄን ሁሉ ደም ውጭ አንዲት ጠብታ ሳይታይ ይይዘዋል።

አማርኛ አስተማሪ ነኝና «ሆድ» የሚለው ቃል ከዚያ ቀን ወዲህ አልለቀቀኝም። ምስጢር ሲሆን «ሆድ ይፍጀው» እንላለን። የማይነገር ሐዘን፣ ቂም፣ ፍቅር ሁሉ እዚያ ነው የሚቀመጠው። ሆድ ደምንም እንዲሁ ይደብቃል። ፈጅቶ የሚጨርሰው ግን ባለቤቱን ነው። ሆዱን የተወጋ ሰው ከውጭ በሚታየው ደም አይለካም።

ጋቢውን ግን ደርበንለት ነበር። ይሄኛውን በደመ ነፍስ ነው ያደረግነው። የቀዘቀዘ አካል ደሙን በወጉ ማርጋት ያቅተዋል፤ ስለዚህ በጅማ ፀሐይም ቢሆን ጋቢው መድኃኒት ነው።

ውታፉ

ሆስፒታል ስንደርስ ሁለት ጉሉኮስ ተተከለለት፣ ደም ተፈለገ። ከዘመድ ወዳጁ አራታችን ሰጠን። ከዚያ ወደ ኦፕራሲዮን ክፍል ገባ። ከሦስት ሰዓት በላይ ቆየ። አክስቴ ኮሪደሩ ወለል ላይ ቁጭ ብለው ያቺን እርጥብ ጨርቅ በእጃቸው ይዘዋል። አላናገሩኝም።

ቀዶ ሐኪሙ ሲወጣ ፊቱ ደክሟል። ትንሹ አንጀት ሁለት ቦታ ተበስቷል አለ። አንጀቱን በሚያንጠለጥለው ስስ ሽፋን ውስጥ ደግሞ አንድ የደም ሥር ተቀዷል። እንጨቱ እዚያው ላይ ተኝቶ ይዞት ነበር። «ሆዱን ከፍተን፣ ዕቃችንን አዘጋጅተን ስናወጣው ደሙ ተንፈቀፈቀ። ያዝነው። ማሳ ውስጥ ብትነቅሉት ማን ይይዘው ነበር?»

ውታፍ ማለት ይሄ ነው። የጠላ ጋን ውታፍ ሲነቀል ምን እንደሚሆን የማያውቅ የለም። የተሰካው ቢላም ይሁን ብረት ወይም እንጨት፣ የቀደደውን የደም ሥር ራሱ ደፍኖት ሊሆን ይችላል። ከውጭ የሚያይ ሰው ይሄን ማወቅ አይችልም። አባቶች «ችኩል ጅብ ቀንድ ይነክሳል» ይላሉ። የእኛ ጅብ የሚነክሰው ቀንድ የልጃችንን ሆድ የያዘው እንጨት ነበር።

የውሃውን ነገር የጠየቅኩት በማግስቱ ነው። እውነቱን ለመናገር ፈርቼ ነበር። «ውሃ ከለከልኩት» አልኩት፤ ኃጢአት እንደሚናዘዝ ሰው። ሐኪሙ አጠገቤ ቁጭ አለ። «የጠማው ውሃ አይደለም፣ ደም ነው» አለኝ። ደም ሲጎድል አንጎል ጥማት ያስነሳል፤ ስለዚህ ጥማቱ ራሱ የመድማት ምልክት ነው። ቢጠጣም አይቆርጥለትም። የተጎዳ ሰው ጨጓራ ሥራውን ያቆማል፣ ውሃው እዚያው ይቆያል። አንጀቱ ከተበሳ ደግሞ የዋጠው ነገር በቀዳዳው ወደ ሆድ ዕቃው ሊወጣ ይችላል። ከሁሉ የሚብሰው ማደንዘዣው ነው። ሰው በሰመመን ሲተኛ በጨጓራው ያለው ወደ ላይ ተመልሶ ሳንባው ሊገባ ይችላል። ያ ብቻውን ሊገድለው ይችላል። ፈሳሹ በደም ሥር መግባት አለበት፤ ያን የሚያደርገው ደግሞ ሐኪም ቤት ነው። ክኒንም፣ ወተትም፣ ስኳር ያለው ሻይም ያው ነው። ከንፈሩን ማርጠብ ግን ይቻላል።

ይሄን ማሳው ላይ ባውቀው ኖሮ እጄ ባልተንቀጠቀጠ። ለአክስቴም ባስረዳኋቸው። ያኔ የነበረኝ ያለ ምክንያት ትእዛዝ ብቻ ነው፤ ያለ ምክንያት ትእዛዝ ደግሞ በእናት እንባ ፊት ብዙ አይቆምም። እኔ የቆምኩት በአንድ ክር ነው። ለዚህ ነው አሁን የክበቡን ልጆች ሳስተምር «አታድርጉ» ብዬ የማላቆመው።

ዶክተሮችም ሲማሩ ኖረዋል

ከዚያ ወዲህ ያገኘሁትን አነባለሁ። በደቡብ አፍሪካው የቦር ጦርነት ጊዜ፣ እ.ኤ.አ. ከ1899 እስከ 1902፣ ሐኪሞች ራሳቸው ሆዱን የተመታ ወታደር አትክፈቱት ይሉ ነበር። ኦፕራሲዮን ያደረጉላቸው ስለሚሞቱባቸው። ከዚያ በሩሲያና በጃፓን ጦርነት ጊዜ፣ እ.ኤ.አ. 1904 እና 1905፣ ቬራ ጌድሮይትስ የምትባል ሩሲያዊት ቀዶ ሐኪም የባቡር ፉርጎ ውስጥ፣ ግንባር አጠገብ፣ ቁስለኞቹን ቶሎ ቶሎ መክፈት ጀመረች። ብዙዎቹ ዳኑላት። በአንደኛው የዓለም ጦርነት ቶሎ መክፈት ልማድ ሆነ። ቢላው ብቻ ሳይሆን ሰዓቱም ነበር ለካ የሚያድነው። ዛሬ ደግሞ ሆዱን የተወጋ ሁሉ አይከፈትም፤ ያልደማና ሆዱ ያልደረቀ ሰው ሆስፒታል ተኝቶ፣ በየሰዓቱ እየታየ ሊቆይ ይችላል። ያን የሚወስነው ግን ሐኪም ነው። ቤት ተኝቶ መጠበቅ ሌላ ነገር ነው።

ይሄን የምለው በምክንያት ነው። በቢላ ተወግቶ «ትንሽ ናት» ብሎ ፕላስተር ለጥፎ የተኛ ሰው ታሪክ ከተማችን ውስጥ ሰምቻለሁ። ቀዳዳዋ የጣት ጥፍር ታህል ይሆናል። የቢላው ርዝመት ግን በቀዳዳው ስፋት አይታወቅም። በቀኝ ጎድን ሥር ያለው ጉበት በየደቂቃው 1 ሊትር ተኩል ያህል ደም ያልፍበታል። እዚያ የገባ ስለት ቀልድ አያውቅም። ሌላም አለ፣ እኔን ያስገረመኝ። ደረትን ከሆድ የሚለየው ጡንቻ ሰው ትንፋሹን ሲያወጣ እስከ ጡት ጫፍ ድረስ ከፍ ይላል። ስለዚህ ከጡት ጫፍ በታች «ደረቱን» የተወጋ ሰው ሆዱንም ተወግቶ ሊሆን ይችላል። ጀርባውንና መቀመጫውንም ገልጦ ማየት ያስፈልጋል፤ በተለይ ጥይት ከሆነ። ደሙ ከሆድ ቆዳው ላይ ከሆነና የተሰካ ወይም የወጣ ነገር ከሌለ በንጹህ ጨርቅ አጥብቆ መጫን ነው። የቲታነስ ክትባቱንም ማስታወስ ነው፤ አፈር የነካው እንጨትማ ግድ ነው። ጠዋት እናየዋለን ማለት «ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ» ነው።

አክስቴ

በሦስተኛው ቀን ሆዱ መጮህ ጀመረ። እኔ አጠገቡ ነበርኩ። ነርሷ አዳመጠችና ፈገግ አለች። ውሃ በጥቂት በጥቂቱ ተፈቀደ። አክስቴ ራሳቸው በማንኪያ ሰጡት። አንድ ማንኪያ፣ ትንሽ ቆይተው ሌላ። እያዩኝ አልነበረም። እኔም ወጥቼ ደረጃው ላይ ተቀምጬ አለቀስኩ።

ይቅር አሉኝ? አልጠየቅኳቸውም። እሳቸውም አንስተውት አያውቁም። የሐኪሙን ማብራሪያ ልጃቸው እንደነገራቸው አውቃለሁ፤ ምን እንዳሉ ግን አልነገረኝም። እኔን የሚያሳስበኝ ሌላ ነው። ቢሞት ኖሮ ትክክል የሠራሁ መሆኔ አይለወጥም ነበር። እሳቸው ግን ዕድሜያቸውን ሙሉ ያቺን ኩባያ ሲያዩ ይኖሩ ነበር። እኔም እንደዚያው።

ባለፈው ቅዳሜ ሄጄ ነበር። ገና ደጃፉ ላይ ጫማዬን ሳራግፍ ወደ ጓዳ ገቡ። ቡናው ከመፈላቱ፣ ከመቀመጤም በፊት፣ ሁልጊዜ እንደሚያደርጉት ያንኑ ሰማያዊ ቆርቆሮ ኩባያ ሞልተው አመጡልኝ። በሁለት እጃቸው ሰጡኝ። በሁለት እጄ ተቀበልኩና ቆሜ እስከ ታች ጠጣሁት።